ከአሥራ አምስተኛው ዙር በኋላ

በግቢያችን የግድግዳ ሰዓት ያለው አንድ ቤት ብቻ ነው፤ እሱም ከቆመ ሰንብቷል። ያልተቸገርነው የሾፌሩ ልጅ ስላለችልን ነው። ስሟን የሚጠራ የለም፣ «ሰዓት» ነው የምንላት። እንቁላል እጥድና በመስኮት ብቅ ብዬ «አንቺ ሰዓት፣ ቁጠሪልኝ!» እላታለሁ። ልብስ እያጠበችም ይሁን ጸጉሯን እያበጠረች «ለጠንካራው ሰባት ዙር ነው እትዬ» ትለኛለች። ከዚያ ስለ ሌላ ነገር ስታወራ ስታወራ ትቆይና ድንገት፣ «አውጪው!» አንድም ቀን ጥሬ በልቼ አላውቅም።

አንድ ዙር ማለት ለእሷ ሰባ ሁለት ሰከንድ ነው። ሰባ አንድም ሰባ ሦስትም አይሆንም። እንጀራዋ ነበር።

ሯጭ ናት ስላችሁ «ስንት ሜዳሊያ አላት?» እንደምትሉ አውቃለሁ። የላትም። አሯሯጭ ነበረች። በአሥር ሺህ ሜትር ውድድር ትልልቆቹ ሯጮች ጥሩ ሰዓት እንዲያስመዘግቡ፣ ከፊት ሆኖ ፍጥነቱን የሚጠብቅላቸው ሰው ይቀጠራል። ሩጫው ሃያ አምስት ዙር ነው። እሷ አሥራ አምስቱን ትመራና ወደ ጎን ወጥታ፣ እጇን ወገቧ ላይ አድርጋ ትቆማለች። ሌሎቹ ያልፋሉ፤ ካሜራውም አብሯቸው ይሄዳል። ዘጠኝ ዓመት እንዲህ ሠራች።

አባቷ ጡረታ የወጡ የአውቶቡስ ሾፌር ናቸው። ሠላሳ ዓመት ሞተር ከጎናቸው ሲጮህ ስለኖሩ ቀኝ ጆሯቸው አልቋል፤ ግራውም ቢሆን ደስ ሲለው ነው የሚሰማ። ውድድር በቴሌቪዥን በተላለፈ ቁጥር ግቢውን ሰብስበው «ያቺ ከፊት ያለችው የኔ ናት!» ይላሉ። እናጨበጭባለን። አሥራ አምስተኛው ዙር ላይ ልጃቸው ከመስኮቱ ስትጠፋ፣ ይነሱና ቴሌቪዥኑን ያጠፉታል። ማን እንዳሸነፈ በእኛ ግቢ ተሰምቶ አያውቅም።

ሠላሳ ሦስት ዓመት ሲሞላት የተረከዟ ጅማት አሻፈረኝ አለ። ሁለት ጊዜ ታከመች፤ በሦስተኛው ሐኪሙ «ለጤና ያህል መሮጥ ትችያለሽ፣ ለውድድር ግን በቃ» አላት። ክለቧም አልጣላትም፤ ደብዳቤ ጻፈላት። በዕቃ ቤት ተቀምጣ ለሌሎች ሯጮች ቱታና ጫማ እንድታድል፣ ቋሚ ሥራ። መልሷን እስከ ወሩ የመጨረሻ ዓርብ ድረስ እንድታሳውቅ። አባቷ ደብዳቤውን እንዳይቆሽሽ በላስቲክ ጠቅልለው ከመንጃ ፈቃዳቸው ጋር አስቀመጡት። ከዚያ በላይ ክብር እሳቸው ቤት የለም።

የፊልም ሰዎች የመጡት በዚያው ሰሞን ነው። ፊልሙ ውስጥ አንዲት ተዋናይት ከሚያሳድዷት ሰዎች የምታመልጥበት ቦታ ነበር፤ ሴትዮዋ ግን አሥር እርምጃ ከሮጠች ደጋፊ የምትፈልግ ናት። ስለዚህ የእኛን ሰዓት ተመሳሳይ ቀሚስ አልብሰው ከጀርባ አስሮጧት። ፊልሙ ሲወጣ ግቢው በሙሉ ነቅሎ ሄደ። ጀርባዋን አየን። ቆንጆ ጀርባ ነው፣ ምን ይወጣለታል።

«ልጄ፣ ፊትሽን የሚያሳዩን መቼ ነው?» አሉ አባቷ፣ አዳራሹ እስኪሰማ።

«አልቋል አባዬ።»

«እ?»

«አልቋል!»

የአዳራሹ ሰው ሁሉ ዞሮ ፊቷን አየ። እሱም አንድ ነገር ነው።

ግን ከዚያ ፊልም አንድ ነገር ይዛ ተመለሰች። ተዋናይቷን እንዴት ማለክለክ እንዳለባት ስታሳያት ድምፅ የሚቀዳው ሰውዬ በማዳመጫው ሰምቷት ኖሯል። «አንቺ ልጅ፣ ይሄ ድምፅ ሜዳ ላይ ምን ይሠራል?» አላትና የውጭ አገር ተከታታይ ድራማ ወደ ቋንቋችን የሚመልስ ስቱዲዮ አድራሻ ሰጣት።

እዚያ ከታች ጀመረች። «ይግቡ።» «ዶክተሩ የሉም።» «እሳት! እሳት!» ይቺን የመጨረሻዋን ቃል ሳምንት ሙሉ ስትለማመድ ሁለት ጊዜ ባልዲ ይዤ ወጥቻለሁ። ዳይሬክተሩ፣ ቆብ ከራሱ የማይለይ ሰውዬ፣ ወደዳት። በዚህ ሥራ ጭንቁ የምትናገረው ነገር ስክሪኑ ላይ ካለው አፍ ጋር መግጠሙ ነው። ሌላው ሰው አሥር ጊዜ ይቀዳል፤ የእኛዋ ከንፈሩ ሲከፈት ገብታ ሲዘጋ ትወጣለች። ሰዓት ናታ!

አንድ ቀን ታዲያ እየዘለለች መጣች። ለአዲስ ድራማ ዋናዋን ሴት እንድትሞክር ተጠርታለች። ባሏ የሞተባት፣ የአውቶቡስ ድርጅት የወረሰች ሴት ናት፤ የባሏ ወንድም ደግሞ ሊቀማት ያደባል። በማግስቱ ሄደች። ስትመለስ አልዘለለችም። የጥጥ ክፍሌ ውስጥ ገብታ ከረጢት ላይ ተቀመጠች። እኔ ፍራሽና ብርድ ልብስ ሰፊ ነኝ፤ ጥጥና ስፖንጅ የማስቀምጥበት ክፍል ከግቢው ሁሉ ጸጥ ያለው ነው። መለማመጃዋም ማኩረፊያዋም እሱ ነው።

«ዳይሬክተሩ ምን አለሽ?»

«ጊዜሽ ብረት ነው አለኝ። ግን ዓረፍተ ነገር አትጨርሺም አለኝ። ‹መጨረሻው ላይ ድምፅሽ ወደ ጎን ይወጣል› አለኝ፣ እትዬ። ወደ ጎን! ሩጫዬን አይቶ አያውቅም እኮ።»

«እስቲ በይልኝ።»

የሴትዮዋን ትልቁን ንግግር፣ በሠራተኞቿ ፊት ለባሏ ወንድም የምትመልስለትን፣ አነበበችልኝ። «ይህን አውቶቡስ ባሌ ነድቶታል፣ እኔ ጠግኜዋለሁ፣ ልጆቼ ወንበሩ ላይ አድገዋል። ፍርድ ቤት ብትወስደኝ እቆማለሁ፤ መንገድ ብትዘጋብኝ ሌላ መንገድ አለ። ቁልፉን ግን…» ከዚያ በኋላ ያለው ጥጡ ውስጥ ገባ።

«ቁልፉን ምን?»

«አልሰጥም!»

«እንዲያ በይኛ! እኔ የሰጠችው መስሎኝ ደንግጬ ነበር።»

ሁለት ሳምንት ሰጥቷታል። ቀኑም ያው የክለቡ ዓርብ ነው። በሁለት ሳምንት ውስጥ መጨረስ ትማራለች ወይ ቱታ ታድላለች፤ ነገሩ ይኸው ነበር።

መጀመሪያ ጥፋቱ ከእግሯ የመጣ መሰላት። በማለዳ ሜዳ ይዛኝ ሄደች። እኔ ዳር ተቀምጬ ሃያ አምስት የጥጥ ፍሬ ከአንዱ እጄ ወደ ሌላው እያዛወርኩ እቆጥራለሁ፤ እሷ በዝግታ ትሮጣለች። አሥራ አምስተኛዋን ፍሬ ሳዛውር ቀና ብል፣ ከመስመሩ ወጥታ እጇን ወገቧ ላይ አድርጋ ቆማለች።

«ምን ሆንሽ?»

«እኔ ምንም! እግሬ ነው የወጣው!»

ራሷን ተሳድባ ተመልሳ ገባች። ጨረሰችው። በዕድሜዋ ለመጀመሪያ ጊዜ ሃያ አምስቱን ዞረች፤ ያየናት እኔና አንድ ሣር የሚያጭድ ሰው ነን። ቤት ስንደርስ ላቧን እንኳ ሳትጠርግ ወረቀቱን አነሳች። «…ቁልፉን ግን…»

«ሰጠችው» አልኳት።

«ጨርሼ እኮ ነው የመጣሁት!»

«የጨረሰው እግርሽ ነው። ምላስሽ ገና አሥራ አምስት ላይ ናት።»

ይህን ሁሉ አባቷ በረንዳ ላይ ሆነው ያያሉ። ነገሩ አልጣማቸውም፤ ለእሳቸው የዕቃ ቤቱ ነገር ያለቀ ነው። ግን ሰው ናቸው፣ ወሬ ይወዳሉ። «ያቺ ሴትዮ ምንድን ናት?» አሉኝ። የአውቶቡስ ድርጅት አላት አልኳቸው። ግራ ጆሯቸው ወዲያው ደስ አለው።

«ስንት አውቶቡስ?»

«አሥራ ሁለት።»

«የሟች ወንድም መንጃ ፈቃድ አለው?»

«ጋሽ ሾፌር፣ ድራማ እኮ ነው!»

«ይሁን። የሌለው ከሆነ አሥራ ሁለት አውቶቡስ ምን ያደርግለታል?»

ከሰዓት በኋላ ወንበራቸውን ይዘው መጡና ከጥጥ ክፍሌ በር አምስት እርምጃ ርቀው፣ ጀርባቸውን ሰጥተው ተቀመጡ። «አንብቢ። መጨረሻውን ከሰማሁ ከዘራዬን አነሳለሁ። ካልሰማሁ አላነሳም። አለቀ።»

ልጅቱ አነበበች። ከዘራው አልተነሳም። ጮኸች። «ሴትዮዋ ሠራተኞቿ ፊት ነው የቆመችው፤ ገበያ አይደለም! ስትጮሂ አይቆጠርም!» አሉ ሳይዞሩ። ዳይሬክተሩም ያለው ይህንኑ ነበር፤ ሴትዮዋ ዝግ ብላ ነው የምትናገር።

እንግዲህ ሥራው ተጀመረ። አንድ ቀን፣ ሁለት ቀን፣ ሦስት ቀን። በአራተኛው ቀን ልጅቷ እርሳስ ይዛ ወረቀቱ ላይ ተደፋች። «ገባኝ እትዬ። ትንፋሼን መንገድ ላይ ነው የምጨርሰው። ዘጠኝ ዓመት ሙሉ ያለኝን ሁሉ አሥራ አምስተኛው ዙር ድረስ አውጥቼ፣ ከዚያ በኋላ ምንም እንዳይቀረኝ ነው ያስለመድኩት። ለምን ይቀራል? የሚጠብቀኝ ነገር የለ።» ድምፅዋ የሚወድቅበት ቦታ ላይ ሁሉ መስመር አሰመረች። መስመሩ ጋ ስትደርስ መጨረሻዬ ነው ሳይሆን መነሻዬ ነው ልትል። ከመስመሩ በፊት ያለውን በቁጠባ፣ ለባቡር ጉዞ ስንቅ እንደያዘ ሰው።

ከዚያ ቀን ጀምሮ ከዘራው መነሳት ያዘ። በተነሳ ቁጥር አባቷ ወንበሩን ሁለት እርምጃ ያርቁታል። በአምስት እርምጃ ተነሳ፣ በሰባት ተነሳ፣ በዘጠኝ አንድ ቀን ሙሉ እንቢ አለ። እዚያ ላይ ተኮራረፉ። «ሆን ብለው ነው!» አለችኝ። «ጆሮ ላይ ሆን ተብሎ የለም» አሏት፤ እንዴት እንደሰሟት እንጃ። በአሥራ አንድ፣ በአሥራ ሦስት። በመካከሉ ድራማውን ሁሉ አስነበቧት። ባልየው የሞተበትን አውቶቡስ ፍሬን የነካካው የሟች ወንድም መሆኑን ከጸሐፊው በፊት ደረሱበት። «ማሰሪያውን ነው ያላላው! ጢሱን አላየሽም?» ብለው ፍራሽ ሰፊዋን፣ እኔን፣ ይቆጡኛል።

ረቡዕ ዕለት ከግቢው በር ሥር ሆነው፣ ሃያ አንድ እርምጃ ርቀው፣ ከዘራቸውን አነሱ። ሳትጮህ። እኔ መርፌ ይዤ አለቀስኩ፤ ጣቴን ስለወጋኝ ነው።

እንደ ፈረደባት የዚያኑ ቀን ከስቱዲዮ ተጠራች። ሄዳ ስትመለስ ፊቷ የተዘጋ በር ሆኗል።

«ዋናዋን ሴት አንዲት ታዋቂ የመድረክ ተዋናይት ልትሠራት እሺ ብላለች» አለችኝ። «እኔን መሪ ድምፅ ሁኚ አለኝ።»

«እሱ ደግሞ ምንድን ነው?»

«ተዋናይቷ ከስክሪኑ ከንፈር ጋር ጊዜ መጠበቅ አትችልም። እኔ ቀድሜ ንግግሩን በልኩ እቀዳለሁ፤ እሷ በማዳመጫ እየሰማች ትከተለኛለች። ከዚያ የኔ ይጠፋል።»

መርፌዬ ቆመ። «አሯሯጭ አድርገው ቀጠሩሽ በይኛ!»

«አዎ።»

ልሳደብ አፌን ስከፍት እጇን አነሳች። «እትዬ፣ አሯሯጭ እንዳይጨርስ የሚከለክል ሕግ እንደሌለ ታውቂያለሽ? ልማድ ነው እንጂ ሕግ አይደለም። ከመነሻው የተነሳ ሁሉ መጨረስ ይችላል። ጨርሶ ያሸነፈ አሯሯጭም አለ።»

«ታዲያ አንቺ ለምን አልጨረስሽም?»

ትንሽ ጥጥ ከከረጢቱ ነጭታ በጣቷ አከረረች። «አንድ ቀን ጉልበት ነበረኝ። ወጥቼ ቆሜ ሳያቸው፣ እነሱ አፋቸውን ከፍተው ይተነፍሳሉ፣ እኔ አፌ ዝግ ነው። ያንን ቀን እስካሁን እሮጠዋለሁ። ዓርብ እሄዳለሁ። ምሪ ካሉኝ እመራለሁ። መውጣቱን ግን አልወጣም።»

ማታ ከእራት በፊት ለክለቡ መልስ ጻፈች። ታመሰግናለች፣ አትቀበልም። አባቷ ሁለት ጊዜ አነበቡት።

«ልጄ፣ ዓርብ እምቢ ቢሉሽስ?»

«ሌላ ስቱዲዮ እሄዳለሁ። እሱም እምቢ ካለኝ ከእትዬ ጋር ፍራሽ እሰፋለሁ።»

«እኔ መቼ ቀጠርኩሽ?» አልኩ።

አባቷ አልሳቁም። ወረቀቱን አጥፈው ደረት ኪሳቸው ከተቱት። «ራሴ አደርሰዋለሁ። ግን እወቂ፤ እኔ ከተነሳሁ የኋላ ማርሽ የለኝም።»

«እኔም የለኝም አባዬ።»

ዓርብ አብሬያት ሄድኩ። ለማበረታታት ነው ብያታለሁ፤ እውነቱን ለመናገር ስቱዲዮው በስፖንጅ የተለበጠ ነው ሲባል ሰምቼ ዓይቼ ልፍረድ ብዬም ነው። ነካሁት። ቀጭን ነው። ለፍራሽ ቢሆን በወሩ ይተኛል። ዝም አልኩ፤ የሰው ቤት ነው።

እሷ መስተዋቱ ማዶ ገብታ ማዳመጫ አደረገች። እኔ ከዳይሬክተሩና ከስቱዲዮው ድምፅ ቀጂ ኋላ በርጩማ ላይ ተቀመጥኩ። ዳይሬክተሩ በማይክራፎኑ፣ «ጊዜውን ብቻ ያዢልን እህቴ። እንዳትተውኚ። ወረቀት እንደምታነቢ» አላት። ራሷን ነቀነቀች። እሺ አላለችም፤ ልብ ብያለሁ።

ስክሪኑ ላይ ሴትዮዋ አፏን ከፈተች። የእኛዋም። ባሌ ነድቶታል። እኔ ጠግኜዋለሁ። ቀስ ብላ፣ እየቆጠበች። ድምፅ ቀጂው አገጩን ከመዳፉ ላይ አነሳ። መንገድ ብትዘጋብኝ ሌላ መንገድ አለ። እዚህ ጋ ነው የእርሳሱ መስመር ያለው። እጇን አየሁት፤ ወደ ወገቧ ሊሄድ ተነሳ። መንገድ ላይ ቆመ። ተመልሶ ወረደ።

«ቁልፉን ግን አልሰጥም።»

አልጮኸችም። ግን ግቢው በር ሥር የተቀመጠ ደንቆሮ ይሰማዋል። የሴትዮዋ ከንፈርና የእሷ ድምፅ እኩል ተዘጉ።

ዳይሬክተሩ ወዲያው ተነስቶ ቆመ። «ምሪ ነው ያልኩሽ!»

«መራሁ» አለች ከመስተዋቱ ማዶ።

«ከዚያስ?»

«ከዚያ ቀጠልኩ። ጊዜው ተዛንፏል?»

አልተዛነፈም። እሱ ነው ያናደደው።

በዚህ መሃል ታዋቂዋ ተዋናይት ከተፍ አለች፤ ረጅም፣ ሽበቷን ያልደበቀች፣ ስትገባ ክፍሉ የሚጠብባት ሴት። የእኛዋ ወጣች፣ እሷ ገባች። ማዳመጫውን አድርጋ ለመከተል ሞከረች። ዘገየች። ደገመች፤ ዘገየች። ሦስተኛው ላይ አፏን ሳትከፍት እስከ መጨረሻው ሰማችና ማዳመጫውን አወለቀች።

«ይህቺን የቀዳችው ማን ናት?»

የእኛዋ ብድግ አለች።

«አንቺ፣ ሠላሳ ዓመት መድረክ ላይ ቆሜያለሁ። ሰው ትከተያለሽ ሲሉኝ እሺ አልኩ፤ ከኋላ ትቀሪያለሽ አላሉኝም።» ከዚያ ወደ ዳይሬክተሩ ዞረች። «እንግዲህ ይህን አጥፍተህ የኔን ልታደርግ ነው?»

«ውላችን እንደዚያ…»

«አጥፋው። ግን በራስህ እጅ አጥፋው፣ እኔ እያየሁህ።»

ዳይሬክተሩ ወደ ድምፅ ቀጂው አየ። ድምፅ ቀጂው እጆቹን ብብቱ ውስጥ ከተተ። ዳይሬክተሩ ተቀመጠ፤ ከመጀመሪያው መልሶ ከፈተው። ሁላችንም ሰማነው። ሲያልቅ ያንን ቆብ አወለቀ። መላጣ ኖሯል።

«ሰኞ ጠዋት ሁለት ሰዓት» አላት። «ከአንደኛው ክፍል እንጀምራለን። ሁሉንም የምትቀጂው አንቺ ነሽ። እንዳታረፍጂ።»

«እሷ?» አልኩ እኔ፤ ሳይጠሩኝ። «እሷ እንኳ አታረፍድም!»

«ለኔ የሴትዮዋን ክፉ አማት ስጡኝ» አለች ተዋናይቷ ቦርሳዋን እያነሳች። «ደግ መሆን ሰልችቶኛል።»

ቤት ስንደርስ አባቷ በር ላይ ነበሩ። ደብዳቤውን አድርሰው ተመልሰዋል፤ በእግራቸው። የጠየቁት አንድ ነገር ብቻ ነው። «ሰጠች ወይስ አልሰጠችም?»

«አልሰጠችም አባዬ።»

ከዘራቸውን አነሱ።

ድራማው ከአራት ወር በኋላ በቴሌቪዥን መታየት ጀመረ። ያ ንግግር የሚመጣበት ቀን አባቷ ግቢውን ሁሉ ሰበሰቡ። እሳቸው ግን ቴሌቪዥኑን ትተው ከግቢው በር ሥር፣ ጀርባቸውን ሰጥተው ተቀመጡ። የእኛዋ መሬት ላይ፣ ጉልበቷን አቅፋ። ንግግሩ ደረሰ። ከዘራው ተነሳ። እኛም አጨበጨብን። እኔ እንደ ለመዱት ተነስተው ሊያጠፉት ነው ብዬ ስጠብቅ፣ እየተቻኮሉ መጥተው ፊት ለፊት ተቀመጡ። ክፍሉ አለቀ፣ ጽሑፍ መውጣት ጀመረ፣ ድምፅ የሰጡ ሰዎች ስም ተራ በተራ ወደ ላይ ሄደ። የእሷ ከፊት ነበር። «ቆዩ፣ አትነሱ! አላለቀም!» እያሉ እስከ መጨረሻዋ ፊደል አስቀመጡን።

ያኔ ነው እንቁላሌ ትዝ ያለኝ። ድራማው ሳይጀመር ጥጄው ነበር፤ ሰዓታችን ግን መሬት ላይ ተቀምጣ ራሷን ትሰማለች፣ ማን «አውጪው» ይበለኝ? ውሃው አልቆ እንቁላሉ ድንጋይ ሆኗል። ልጥለው ስል አባቷ ከእጄ ወሰዱና ላጡት። በድዳቸው ታገሉት።

«ይሄ ስንት ዙር ነው?» አሉኝ።

«ሃያ አምስት» አልኳቸው።